ኮቴው የማን ነው?

ቬንደል የዮላንን አንገት አንቆ ከግድግዳው ጋር ሲያጣብቃት እጄ ላይ መቀስ ነበር። ልሰካበት ምንም አልቀረኝም። ሁለት ዓመት ሙሉ «መቼ ነው ድግሱ?» እያልኩ ሁለቱንም ስነዘንዝ የከረምኩት እኔው፣ በዚያች ደቂቃ ትከሻውን አነጣጥሬ እጄን አንስቼ ነበር።

«ኮቴው የማን ነው?» ይላል። የግንባሩ ደም ሥር ተወጥሯል። «ተናገሪ! ይሄ ኮቴ የማን ነው?»

እሷ ደግሞ ካለው መልስ ሁሉ የከፋውን መረጠች።

«እኔ ነኝ የሠራሁት» አለችው።

ነገሩ እንዲገባችሁ ትንሽ ወደኋላ ልመልሳችሁ። ቴሪ እባላለሁ። ሁለት ባል ፈትቻለሁ፣ ምላሴ ረጅም ነው፣ ሥራዬ ግን ቀጥ ያለ ነው። ቡዳፔስት ዳር ባለው የፊልም ግቢ፣ ድምፅ ክፍል ውስጥ፣ ከዮላን ጠረጴዛ ቀጥሎ ተቀምጬ ቴፕ እቆርጣለሁ፣ እለጥፋለሁ። ዮላን አለቃዬ ናት። በአሥራ ሰባት ዓመቷ ስትቀጠር ወለል ላይ የወደቀ ቁርጥራጭ ፊልም ትጠርግ ነበር፤ በሃያ ስምንት ዓመቷ ዋና የድምፅ ኤዲተር ሆነች። አለቃ የሆነችው በዘመድ አይደለም፣ በጆሮዋ ነው። ትራም ሲያልፍ ሰምታ ቁጥሩን ትነግራችኋለች። እኔን ጉንፋን ሊይዘኝ ሲል ከኔ ቀድማ በድምፄ ታውቃለች።

ካሜራዎቻችን ሲሠሩ እንደ ወፍጮ ስለሚጮኹ ፊልሙ የሚነሣው ያለ ድምፅ ነው። ንግግሩም፣ የበሩ ሲጥታም፣ ጥፊውም ኋላ በኛ ክፍል ይገባል። ታዲያ አንድ ልማድ አለን። ድምፁን ፈልጎ ያመጣ ሰው «እኔ ነኝ የሠራሁት» ይላል፤ ከየት እንዳመጣው ግን ለውጭ ሰው ትንፍሽ አይልም። ዝናቡን ከመጥበሻ ላይ ይቅዳው፣ ነጎድጓዱን ከጎረቤት ቆርቆሮ፣ የራሱ ምስጢር ነው። ሌላ የምንኮራበት ነገር የለንም። ስማችን ስክሪኑ ላይ የሚወጣው ተመልካቹ ሁሉ ኮቱን ለብሶ በር ላይ ሲጋፋ ነው።

ቬንደል ተዋናይ ነው። በሃምሳ ስድስቱ ፀረ መንግሥት አመፅ ጊዜ ጭነት መኪና ላይ ወጥቶ ለሕዝብ ንግግር በማድረጉ ሦስት ዓመት ተኩል ታሰረ። በምሕረት ሲወጣ መድረክ ተከለከለ፣ ካሜራ ፊት መቆምም ተከለከለ። ድምፁን የከለከለው ግን የለም። በየፊልሙ መልከ መልካሙ ዋና ተዋናይ አፉን ይከፍታል፣ የሚናገረው ቬንደል ነው። የሀገሩ ሴት እኩሌታዋ በዚያ ድምፅ ትቃጠላለች፤ መንገድ ላይ ሲያልፍ ግን ዞር ብላ የምታየው አንዲት የለችም።

ያየችው ዮላን ናት። እሷ ከመቅረጫ ክፍሉ መስታወት ወዲህ፣ እሱ ከመስታወቱ ወዲያ፣ ሁለት ዓመት እንዲህ ተያዩ። በሰው ፊት «እርስዎ» ይባባላሉ፣ ዳኑብ ወንዝ ዳር ሲሆኑ «አንቺ» እና «አንተ» ነው። ከኔ በቀር ሌላውን ሁሉ የደበቁ መስሏቸው ነበር። በድምፅ ሥራ ያረጀ ሰው ሲቃ የያዘው «ደህና ዋሉ» አይጠፋውም።

«ቤት ውሰጂውና ለጌዛ አሳዪው» እላት ነበር።

«ጌዛ እስረኛ አይወድም» ትለኛለች። «ቆይ፣ መጀመሪያ ላለሳልሰው።»

ጌዛ ታላቅ ወንድሟ ነው። በጦርነቱ ጊዜ ቤታቸው ተደርምሶ እናትና አባታቸው ሲሞቱ እሷ አሥር ዓመቷ፣ እሱ ሃያ ነበር። ከተማው በተከበበበት በዚያ ክረምት ጥይት እየዘነበ፣ መንገድ ላይ ከሞተ ፈረስ ሥጋ ቆርጦ አብልቷታል። አሁን የአንድ ሙቅ ውሃ መታጠቢያ ቤት ኃላፊ ነው። ከዚያ በፊት፣ ከአመፁ በኋላ ባሉት ዓመታት፣ የመጋዘን ጥበቃ እንደነበረ ነግሯታል፤ እሷም አምናዋለች። ዮላን ቬንደልንና ጌዛን አስተዋውቃ አታውቅም፤ ሆን ብላ ትጠነቀቅ ነበር።

በዚያ ሰሞን የምንሠራው ፊልም ስለ ባላባቶቹ ዘመን ነበር። የዚያ ጊዜ ፖሊስ አንድ አጫጅ ምድር ቤት አስገብቶ ይደበድበዋል። የድሮ ፖሊስ ቢደበድብ ችግር የለውም፣ ሳንሱሩም ያጨበጭባል። ለዚህ ፖሊስ ኮቴ ያስፈልግ ነበር፤ የክፍላችን ወንዶች ሲራመዱ ደግሞ ሁሉም ዳንሰኛ ነው የሚመስሉት። ዮላን እሑድ ቀን ቴፕ መቅረጫውን ተሸክማ ቤቷ ገባች። ጌዛ የዶሮ ሾርባውን ጠጥቶ፣ አሮጌ ቦቲ ጫማውን ከአልጋ ሥር አውጥቶ፣ ግቢውን በሚዞረው ሰገነት ላይ ተራመደላት። ሰኞ ጠዋት ለኔ ብቻ እየሳቀች ነገረችኝ። «‹እግሬ የፊልም ተዋናይ ሆነ› ብሎ ጎረቤቱን ሁሉ ጠራ» አለች።

ኮቴው ግሩም ነበር፤ ይቅር ይበለኝ፣ ግሩም ነበር። ቀኙ ረገጥ ያደርጋል፣ ግራው ትንሽ ይጎተታል። ይቆማል። ጣቶቹን አንድ በአንድ ያንቋቋል። ጉሮሮውን ይጠርጋል። ከዚያ በቁልፍ በሩን ኳ፣ ኳ፣ ኳ።

«ቁልፉንና ጣቱን አንቺ ነሽ ያዘዝሽው?» አልኳት።

«ከራሱ ነው ያመጣው» አለችኝ። «ተዋናይ መሆን ነበረበት።»

ማክሰኞ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ቬንደል ማይክራፎኑ ፊት ቆመ። አሠራራችን እንዲህ ነው፤ ትዕይንቱ ተቆርጦ ጫፍና ጫፉ ይለጠፍና ፊልሙ እንደ ቀለበት ይዞራል። ባለቀ ቁጥር እንደገና ይጀምራል፣ ዳይሬክተሩ «በቃ» እስኪል ድረስ። ስክሪኑ ላይ አጫጁ ወንበር ላይ ታስሮ ደብዳቢውን ይጠብቃል። ቬንደል ትንፋሹንና ጩኸቱን መስጠት ነበረበት።

«ልትደበደብ ነው እኮ!» አለ ዳይሬክተሩ። «የሰርግ ሚዜ መሰልክብኝ። ጩህ እንጂ!»

«ሊደበደብ ያለ ሰው አይጮህም» አለ ቬንደል። «ትንፋሹን ይቆጥባል።»

«ይሄን ደግሞ የት ተማርከው?»

የት እንደተማረው ሁላችንም እናውቃለን። ዳይሬክተሩም ያውቃል፣ ጠማማ ስለሆነ ነው የጠየቀው። ዮላን ፊቷ ቀላ፤ ልትረዳው ፈለገች።

«ኮቴውን ልልቀቅለት» አለች። «ከሰማው ይቀለዋል።»

በገዛ እጇ ማጫወቻውን ተጫነች።

በመጀመሪያው ዙር ወረቀቱ ከቬንደል እጅ ወደቀ። በሁለተኛው ስክሪኑን ትቶ ወደ ክፍሉ በር ዞረ፤ በዚያ በር የሚገባ ሰው ያለ ይመስል አፈጠጠበት። በሦስተኛው ሁለት እጁን አናቱ ላይ ጭኖ ጎንበስ አለ። ጣቶቹ ሲንቋቁ እሱ ይቆጥራል፤ ከንፈሩ ሲንቀሳቀስ በመስታወቱ አየሁት።

«ይሄ ነው! ይሄ ነው!» ዳይሬክተሩ ጭኑን ይመታል። «አታቁሙት! ይዙር!»

«አሞታል» አለች ዮላን። «አቁሙት!»

«ማንም እንዳይነካው ብያለሁ!»

አራት። አምስት። በስድስተኛው፣ ቁልፉ በሩን ሲያንኳኳ፣ ቬንደል የብረቱን የወረቀት ማስቀመጫ ከነእግሩ ነቅሎ መስታወቱ ላይ ወረወረው። መስታወቱ በላያችን ፈረሰ። የቴክኒሻኑ ጉንጭ ተተረተረ፣ ደሙ ሸሚዜ ላይ ተረጨ። ቬንደል በስብርባሪው መሃል ዘሎ ገባ፤ መዳፉ ተቆርጦ ደም ያዘንባል። ዳይሬክተሩን በክርኑ ገፍትሮ ጥሎ ቀጥታ ዮላን አንገት ላይ።

እንግዲህ ያን ጊዜ ነው «የማን ነው?» ያላት። እሷም ደንግጣ፣ አየር አጥሯት፣ አሥራ አንድ ዓመት ያለችውን አለች። እኔ ነኝ የሠራሁት። ይህን ኮቴ ሰምቶ የማያውቅ ሰው ሊሠራው እንደማይችል ቬንደል ያውቃል። እዚያ የነበረ ሰው ብቻ ነው የሚሠራው።

እጁ ላላ። አንድ እርምጃ ወደኋላ ሄደ። ያን ፊቱን እስከ ዛሬ አልረሳሁትም።

«እርስዎም እዚያ ነበሩ» አላት።

ከዚያ ወንዶቹ ደረሱበት። መሬት ላይ ጥለው በእርግጫ ሆዱን፣ ጀርባውን፣ አፉን። አንድ ጥርሱ ተፈናጥሮ ጠረጴዛዬ ሥር ገባ። አልተከላከለም፤ ድምፅም አላወጣም። የምትጮኸው ዮላን ነበረች፤ የታነቀ ጉሮሮዋ እየሰለለ «ተዉት! አትምቱት!» ትላለች። እግሩን ይዘው እየጎተቱ ከግቢው በር ውጭ ጣሉት።

ዮላን የመስታወቱ ስብርባሪ ላይ ቁጭ አለች። አንገቷ ላይ አምስት ጣት በደም ታትሟል፤ የእሱ ደም ነው። «ምን አድርጌው ነው፣ ቴሪ?» አለችኝ። «ምን በድዬው ነው?» ልቤ ለሁለቱም ደማ።

*

አራት ቀን ዮላን የቬንደልን ደጅ ጠናች። ተከራይቶ በሚኖርበት ክፍል አልከፈተላትም። በአምስተኛው ቀን በእሷ ፈንታ ስሄድ የቤቱ ባለቤት አሮጊት አንድ ፖስታ በእጄ ሰጠችኝ። ዮላን ጥላሸት በመሰለ ፊቷ ተቀብላኝ ቆማ አነበበችው፤ ኋላም እኔ አነበብኩት።

«እጄን አንገትዎ ላይ አኑሬያለሁ፤ ይህን በምንም ውሃ አላጥበውም። ግን አንድ ነገር ይመልሱልኝ። በሃምሳ ሰባት ክረምት አሥራ ሰባት ቀን ምድር ቤት ውስጥ ነበርኩ። ፊቴን በእርጥብ ፎጣ ጠቅልለውት ስለነበር የደበደበኝን ሰው መልክ አላውቅም። ኮቴውን ግን አውቃለሁ። ቀኙ ይረግጣል፣ ግራው ይጎተታል። በሩ ላይ ቆሞ ጣቶቹን ያንቋቋል፤ ሰባት ጊዜ፣ ሁልጊዜ ሰባት። ጉሮሮውን ይጠርጋል። በቁልፉ ሦስቴ ያንኳኳል። የሚያንኳኳው እንዲከፈትለት አይደለም፣ ቁልፉ እጁ ላይ ነው፤ እኔ እንድሰማ ነው። ይህን ከእኔና ከእሱ በቀር የሚያውቅ የለም። እርስዎ ደግሞ እኔ ነኝ የሠራሁት አሉኝ። የት ቆመው ነበር? የእኔንስ ልመና ቀርፀውታል? ሁለት ዓመት ዓይኔን ሲያዩ ይህን እያወቁ ከሆነ እግዚአብሔር ይፍረድ። ካልሆነ ስሙን ይንገሩኝ። ሌላ አልፈልግም። ቬንደል።»

መጀመሪያ ያስለቀሳት ሌላ ነገር አይደለም። «እርስዎ አለኝ» ብላ ነው ያለቀሰችው። «እይው ቴሪ፣ በደብዳቤ እርስዎ አለኝ።»

ከዚያ ዓይኗ ወደ ደብዳቤው መሃል ተመለሰ። እንባዋን በእጅጌዋ ጠርጋ ተነሣች፤ የእሑዱን ቴፕ ከመደርደሪያው አውርዳ ማሽኑ ላይ አኖረችው። ኮቴው መጣ፣ ቆመ። ጣቶቹ መንቋቋት ጀመሩ። ዮላን በከንፈሯ ትቆጥራለች። ሰባት። ወደኋላ መለሰችው። ሰባት።

«አሥር ጣት አለው እኮ» አልኳት፤ አልገባኝም ነበር።

«ሦስቱ አይንቋቁም» አለች። «ያን ክረምት በብርድ ደርቀው ቀሩ። ለኔ የፈረስ ሥጋ ሲቆርጥ።»

ይህን ብላ የቁርጥራጭ ፊልም ቅርጫቱ ላይ አጎንብሳ አስመለሰች። ፀጉሯን ይዤላት ቆምኩ። «በላሁት» ትላለች፤ «የሰጠኝን ሁሉ በላሁት።»

*

በማግስቱ ስድስት ሰዓት ላይ መታጠቢያ ቤቱ ሄድን። ብቻዋን አልሰድም ብዬ ተከተልኳት። ጌዛ ቢሮው ውስጥ ዳቦ ላይ የአሳማ ስብ ቀብቶ፣ ሽንኩርት ከትፎበት፣ ይበላል። በመስኮቱ ሥር ሽማግሌዎች ሙቁ ውሃ ውስጥ ቆመው ቼዝ ይጫወታሉ።

«ኦ፣ ዮሊካዬ! ቴሪም መጣሽ፣ አንቺ ምላሳም! ቁጭ በሉ፣ ዳቦ ልቁረጥላችሁ?»

«ጣትህን አንቋቋልኝ» አለችው።

ሳቀ። «ለሌላ ፊልም ነው? ዋጋዬ ጨምሯል።»

«አንቋቋ።»

አንቋቋ። ድምጿን ከፍ አድርጋ ቆጠረች። ሰባት ስትል ሳቁን አቆመ።

«አንተ የምትጠብቀው መጋዘን ውስጥ ሰው ነበር?» አለችው። «ፊቱ በፎጣ የተጠቀለለ?»

ጌዛ ዳቦውን አስቀመጠ። እጁን በጋዜጣ ጠረገ። «ማን ነው የነገረሽ?»

«አንተ። እሑድ ዕለት፣ ሰገነቱ ላይ እየተራመድክ።»

«ሥራ ነበር» አለ። «ሰጡኝ፣ ሠራሁ። አመፀኞቹ የኛን ሰዎች መብራት እንጨት ላይ በእግራቸው ሰቅለው የለ? አንቺ ሻይሽን ስትጠጪ እኔ ያየሁትን አላየሽም። ደግሞ የምንኖርበትን ቤት ማን የሰጠን ይመስልሻል?»

«ታዲያ ኮቴውን ለምን ለኔ ሰጠኸኝ?»

ዓይኑን ወደ ጫማው አወረደ። «ቦቲውን ሳጠልቀው እግሬ ራሱ ሄደ» አለ በመጨረሻ። እውነቱን ይመስለኛል።

ቀና ብሎ አያት። አንገቷ ላይ ያለውን ሰንበር አየ፣ እስከዚያ ቀን በልብሷ አንገትጌ ደብቃው የነበረውን። «ማነው እንዲህ ያደረገሽ? እሱ ነው? ታውቂዋለሽ ማለት ነው! ተዋናዩ ነው፣ አይደል? እናንተ ግቢ የሚሠራው፣ ቬንደል!» አፏ ሳይከፈት ከፊቷ አነበበው። «እህህ! የኔ እህት ከእስረኛ! እሱንማ አስታውሰዋለሁ። ድምፁ ያምራል። ሲለምን እንኳ ያምር ነበር።»

እጁን ወደ ስልኩ ዘረጋ። «አንድ ስልክ ነው። ነገ ጠዋት ተመልሶ እዚያው ምድር ቤት ነው ያለው።»

ጠረጴዛው ላይ የመታጠቢያ ክፍሎቹ ቁልፎች ነበሩ፣ በብረት ቀለበት የታሠሩ፣ አርባ ይሆናሉ። ዮላን አነሣችውና በሙሉ ኃይሏ አፉ ላይ አሳረፈችው። ከንፈሩ ለሁለት ተከፈለ። ጌዛ ተነሣ፤ አሰብ እንኳ አላደረገም፣ በተዘረጋ መዳፍ ግራ ጆሮዋን መታት። ግድግዳው ላይ ተላተመች፣ ወለሉ ላይ ወደቀች። ደገማት። ሠለሰ። እኔ ወንበር አንስቼ ጀርባው ላይ ሰበርኩበት፤ ገፍትሮኝ የቁም ሳጥኑ ጠርዝ ላይ ስወድቅ ጎድኔ ሲሰበር ተሰማኝ። አራተኛውን ሊያሳርፍ እጁን ሲያነሣ ከጆሮዋ ደም ሲወርድ አየ።

ተንበረከከ። «ዮሊካዬ… እጄ ነው… አላወቅሁም…»

እሷ አላየችውም። በደረቷ እየተሳበች ጠረጴዛው ሥር ገባች፤ የስልኩን ገመድ ይዛ ጎተተችው። ስልኩ ወለሉ ላይ ሲወድቅ በሁለት እጇ አንስታ ንጣፉ ላይ ፈጠፈጠችው፤ እስኪበታተን፣ ጣቶቿ እስኪደሙ።

«ሌላ ስልክ አለ፣ አውቃለሁ» አለችው። የምትናገረው እየጮኸች ነው፤ የራሷ ድምፅ አይሰማትም። «ሄደህ ደውል። ግን ስማኝ፣ ጌዛ። ፎጣ የጠቀለልክባቸው ስንት ነበሩ? ሃያ? መቶ? ከእስር ወጥተዋል፤ ሲኒማ ይገባሉ። ይሄ ፊልም በየከተማው ይታያል። ኮቴህን ያውቁታል። ‹የማን ነው?› ብለው ሲጠይቁኝ ከየት እንዳመጣሁት እናገራለሁ። ስምህን፣ መንገዳችንን፣ የቤታችንን ቁጥር። ቬንደልን ከነካኸው ኮቴህን ከፊልሙ አላወጣውም። አንዷን እርምጃ አላወጣም!»

ጌዛ ሰው ሲፈራ አይቼው አላውቅም ነበር። ያን ቀን አየሁ። አፉን በሁለት እጁ ይዞ በደሙ መሃል ቁጭ አለ።

ስንወጣ እኔ እሷን ደግፌ፣ እሷ እኔን ደግፋ ነው። ሽማግሌዎቹ ቼዛቸውን ትተው አፍጥጠውብናል። ዮላን እስከ ትራሙ ድረስ አለቀሰች። ለጆሮዋ መስሎኝ ነበር፤ ለወንድሟ ነው። እንደዚያ ያለ ለቅሶ የሚለቀሰው ለሞተ ሰው ብቻ ነው።

*

ግራ ጆሮዋ መስማት አቆመ። ሐኪሙ ሲነግራት «ሥራዬስ?» አለችው። «ሌላ ሥራ የለም?» ብሎ ትከሻውን ነቀነቀ። ሰደብኩት፤ ጎድኔ ታስሮ ባይሆን ኖሮ ከስድብም አልፍ ነበር። ከዚያ በኋላ በአንድ ጆሮ አሥራ ዘጠኝ ፊልም ሠርታለች፣ ሐኪሙ የት እንዳለ አላውቅም። ያን ጊዜ ግን አላወቅንም። ያን ጊዜ እንጀራዋም ፍቅሯም የተቆረጠ ነበር የመሰላት። ጌዛ ሆስፒታል ድረስ ሾርባ ይዞ ሁለቴ መጣ፤ ነርሷ ከነድስቱ መለሰችው።

እኔ ጎድኔን በፋሻ ታስሬ ከሆስፒታሉ ስወጣ መጀመሪያ የገባሁት ቬንደል ዘንድ ነው። ደረጃው ላይ ቆሜ ሁሉንም ነገርኩት፤ ኮቴው የማን እንደሆነ፣ እሷ ምን እንዳላወቀች፣ ስለ እሱ ምን እንደተቀበለች። እስከ መጨረሻው ሰማኝና በሩን ዘጋ። በተዘጋ በር ላይ የማውቀውን እርግማን ሁሉ አራገፍኩ።

በሦስተኛው ቀን፣ በጠያቂ ሰዓት፣ መጣ።

ዮላን በቀኝ ጎኗ፣ ፊቷን ወደ ግድግዳው አድርጋ ተኝታ ነበር፤ ግራውን ስለሚያማት ሌላ መተኛ የላትም። ደህናው ጆሮዋ ትራሱ ውስጥ ገብቷል። የተጎዳው በጥጥና በፋሻ ታሽጎ ወደ ላይ ነው። እኔ መስኮቱ ጋ ተቀምጬ ፖም እልጥላታለሁ። ቬንደል ቀስ ብሎ ገብቶ ከጀርባዋ ወንበር ሳበ። እንዳልተኛች ያውቃል፣ ጣቷ የብርድ ልብሱን ክር ሲፈትል ያያል። ልታየው ስላልፈለገች መሰለው። አትሰማህም ልለው አፌን ስከፍት እሱ ጀመረ፤ የጀመረው ነገር አፌን ዘጋኝ።

«አትዙሪ» አላት በዚያ ድምፁ፣ ዝግ አድርጎ። «ካየሁሽ አልችልም። ቴሪ ሁሉንም ነግራኛለች። እንዳላወቅሽ አምናለሁ። እወድሻለሁ፤ ከሞት የተረፈ ሰው ሕይወቱን የሚወደውን ያህል እወድሻለሁ። የመጣሁት ግን ልሰናበትሽ ነው። በወንድምሽ አይደለም፣ በእሱ ቢሆን እችለው ነበር። በኔ ነው። እዚያ ፎጣ ውስጥ ሆኜ ምዬ ነበር፤ ከዚህ ከወጣሁ እጄን ሰው ላይ አላነሣም ብዬ። መጀመሪያ ያነሣሁት ባንቺ ላይ ነው። አንገትሽ ላይ የኔ ጣት፣ ጆሮሽ ላይ የእሱ መዳፍ። ምን ለየን? እሱ እዚያ ምድር ቤት ውስጥ የሆነ ነገር ትቶብኛል፣ ዮላን፤ ነገ ወይ ከነገ ወዲያ ይወጣብሻል። ሴገድ ከተማ አንድ የአሻንጉሊት ቲያትር ተቀብሎኛል። ዛሬ በአሥር ሰዓት ባቡር እሄዳለሁ። አትጻፊልኝ፤ ከጻፍሽልኝ እመለሳለሁ። ደህና ሁኚ፣ የኔ ዓለም።»

ጠበቀ። ዮላን ክሯን ትፈትላለች። ዝምታዋን እንደ መልስ ወሰደው፤ ፊቱ ሲረግፍ አየሁ። ተነሣ። ለመጨረሻ ጊዜ ብሎ ይመስለኛል፣ በፋሻ በታሠረ እጁ ትከሻዋን ነካ አደረጋት።

ደንግጣ ዞረች።

«ቬንደል!» ያበጠው ፊቷ በአንዴ በራ። «መቼ መጣህ? ቆየህ እንዴ? እኔ እኮ… ይሄኛው ጠፍቷል፣ ምንም አይገባበትም፤ ያኛው ደግሞ ትራሱ ውስጥ ነው። ስታወራ ነበር? ኧረ ምን አልከኝ?»

ያን ሁሉ ለማለት ሦስት ቀን እንደፈጀበት ከፊቱ ያስታውቃል። ወደኔ ዞረ። ሁሉንም እንደሰማሁ ያውቃል። እኔም ዓይኑን ፊት ለፊት አየሁት። ድገመው፣ ወንድ ከሆንክ ይህን ፊት እያየህ ድገመው አልኩት፣ በሆዴ።

«በዚህ በኩል ና» አለችው ዮላን፤ በደህናው ጆሮዋ በኩል ያለውን ጠባብ ቦታ እያሳየችው።

አልጋውን ዞሮ ከግድግዳው ጋር ተጣቦ ተንበረከከ። አሁን ዓይኑ ከአንገቷ ጋር ትክክል ነው። ሰንበሩ ቢጫ ሆኗል፤ አምስቱም ጣት ይታያል። ዮላን የሚያየውን አየች። የታሠረ እጁን ይዛ አንገቷ ላይ፣ ልክ ሰንበሩ ላይ አኖረችው፤ እጁን ሊነጥቃት ሲል አጥብቃ ያዘችው።

«እየው፣ አልፈራሁህም» አለችው። «አሁን ንገረኝ። ምን አልከኝ?»

«መጣሁ ነው ያልኩሽ» አላት።

«ይሄን ብቻ?»

«ይሄን ብቻ» አለና ግንባሩን ትራሷ ላይ ደፍቶ፣ በዚያ ምድር ቤት አሥራ ሰባት ቀን ያልጮኸውን ጮኸ። ነርሷ ሮጣ ስትመጣ በሩ ላይ አገድኳት። ዮላን በደህናው ጆሮዋ አጠገብ ያን ጩኸት እስከ መጨረሻው ሰማችው፤ ፀጉሩን እያሻሸች፣ አንዴም ዝም በል ሳትለው።